ጭብጦ ሰባ አንድ አመጣ

የሰው ሚዛን የሚቆጣጠር መሥሪያ ቤት የራሱን ሰው መመዘን ቢያቅተው ምን ይባላል? የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ይባላል። በደብረ ታቦር የሚዛን ቁጥጥር ጽሕፈት ቤት የሆነው ይኸው ነው፤ ነገሩ የጀመረው ግን በሰው ሳይሆን በጭራቅ ነው።

ጨዋታውን ያመጣው ቢያድግልኝ የሚባለው የኮምፒውተር ባለሙያ ነበር። ስልክ ይዞ መንገድ ለመንገድ የሚኬድበት ጨዋታ ነው፤ በየጥጉ ቀንዳም፣ ጭራማ፣ ባለ ክንፍ አውሬ ብቅ ይላል፣ ያዩትን ይይዙታል፣ የያዙትን ይቀልቡታል። የእንግሊዝኛ ስም ነበረው። ቢሮ የሚያጸዱትና ሻይ የሚያፈሉት እትዬ ጌጤ ግን አንድ ቀን በቢያድግልኝ ትከሻ ላይ አሻግረው አዩና፣ ይሄ ደግሞ የምን ጭራቅ ለቀማ ነው ብለው አለፉ፤ ከዚያ ወዲያ በሌላ ስም የጠራው የለም። ፋሲካ ሲደርስ ከዘበኛውና ከእሳቸው በቀር ያልተለከፈ ሠራተኛ አልነበረም።

ኃላፊው አቶ ሙሉሐብት ክፉ ሰው አልነበሩም፤ የሚወዱትን ነገር ለሰው ሳያሳዩ ግን ማደር አይችሉም። መብረቅ ያሉት ባለ ሁለት ቀንድ፣ ጭራው እሳት የሆነ አውሬ ነበራቸው። በእያንዳንዱ አውሬ አናት ላይ የጉልበቱ ቁጥር ይጻፋል፤ አውሬው በተቀለበ መጠን ቁጥሩ ይጨምራል። አቶ ሙሉሐብት ወደ እብናት ገበያ ለመስክ ሲወጡ እንኳ ሾፌሩን ቀስ በል እያሉ ከየመንገዱ ዳር ቀለብ ስለሚለቅሙ የመብረቅ ቁጥር ሁለት ሺህ አንድ መቶ አርባ ደርሶ ነበር። ስብሰባ የሚከፍቱት እሱን ነግረው ነው።

የመዝገብ ቤቷ እፀገነት ያላት አንድ አውሬ ብቻ ነው። ጣራ ገዳም ለመሳለም ሄዳ፣ ገዳሙ ውስጥስ ስልክ ማውጣት ነውር ነው ብላ ራሷን ገትታ፣ እታች መኪና ስትጠብቅ ያገኘችው ድቡልቡል፣ አፈር የመሰለ፣ እግሩ ከሆዱ ሥር የማይታይ ነገር ነው። ጭብጦ አለችው። ቁጥሩ ስድስት መቶ ዐሥራ አንድ ነበር። ባልደረቦቿ ሲያዩት፣ ለመንገድ ስንቅ እንኳ አይበቃም እያሉ ይስቁባት ነበር።

እሷ ግን አንድ አመል አላት፤ የተጻፈ ነገር ሳትጨርስ አትተውም። ፋይል ስታገላብጥ የኖረች ሰው ስለሆነች ሽፋኑ የሚለውና የውስጡ ገጽ የሚለው አንድ እንዳልሆነ ታውቃለች። እናም አንድ ቀን ጭብጦን ነክታ፣ የሚመጣውን ገጽ አልፋ፣ ቀጣዩንም አልፋ፣ ማንም ያልደረሰበት ቦታ ደረሰች። አንድ ጢማም ሽማግሌ ብቅ አለና ሦስት መስመር አሳያት፦ አንዱ መምታት፣ አንዱ መቋቋም፣ አንዱ ትንፋሽ። ይህ በቀለብ የማይመጣ፣ አውሬው ሲፈጠር ይዞት የመጣው ጉልበት ነው። እያንዳንዱ መስመር ቢበዛ ዐሥራ አምስት ይሞላል። የጭብጦ ዐሥራ አምስት፣ ዐሥራ አምስት፣ ዐሥራ አምስት ነበር።

የሚሠራው የመብራት ሶኬት የመዝገብ ቤቱ ብቻ ስለነበር የአቶ ሙሉሐብት ስልክ በየቀኑ ቻርጅ የሚደረገው እሷ ጠረጴዛ ላይ ነው። ሰው ናትና የመብረቅንም የውስጥ ገጽ ከፍታ አየች። መብረቅ ሁለት፣ አራት፣ አንድ ነበር። በማግስቱ በጨዋ ደንብ፣ አቶ ሙሉሐብት ከውስጥ ሌላ ገጽ አለ እኮ ብላ ልታስረዳቸው ሞከረች። እሳቸውም ቁጥሩ አናቱ ላይ ተጽፎ ሳለ ውስጥ መቆፈር ምን ይባላል ብለው ወደ ስብሰባቸው ሄዱ።

ይህን ስትሰማ እፀገነት የተናደደችው ለጭብጦ ብላ አልነበረም። የመዝገብ ቤቱ ኃላፊ ጡረታ ከወጣ ሁለት ዓመት ሆኖታል፤ ሥራውን የምትሠራው እሷ ናት፣ ወንበሩ ግን ባዶ ነው። ለወንበሩ ለመወዳደር በሥራ አፈጻጸም ምዘና ሰማንያ አምስት ማምጣት ያስፈልጋል። እሷ ሰባት ዓመት ሙሉ ከአቶ ሙሉሐብት እጅ ያመጣችው ሰባ አንድ ነው። አንድም ጊዜ ሰባ ሁለት ሆኖ አያውቅም፣ አንድም ጊዜ ሰባ ሆኖ አያውቅም። ከጎኑ የሚጻፈውም አንድ ነው፦ «ሥራዋን ታከብራለች፤ ተነሳሽነት ይጎድላታል።» ፋይሉን የምታስቀምጠው ራሷ ስለሆነች በየሰኔው ታነበዋለች፣ በየሰኔውም ያንገበግባታል። ዘንድሮም ሰኔ ሊገባ ሁለት ሳምንት ቀርቶታል።

በዚህ መሀል የጎረቤቱ የመንገድ ጽሕፈት ቤት ቀያሽ፣ ማሩ የሚባል ነገረኛ፣ ዶማ የሚለውን አውሬውን ይዞ መጥቶ እንጋጠም አለ። በዓለ ሃምሳ ሳያልቅ፣ የሰኔ ጾም ሳይገባ ቅዳሜ ይሁን፤ የተሸነፈው መሥሪያ ቤት የጉና ሙክት ይረድ። ሦስት ዙር ነው፤ ሁለቱን የወሰደ ያሸንፋል፣ በየዙሩ አውሬ መቀየርም ይፈቀዳል። ደግሞም የእኩያ ግጥሚያ ይሁን አለ። በእኩያ ግጥሚያ ጨዋታው ቀለቡን ከሁለቱም ያራግፍና አውሬዎቹን በተፈጥሯቸው ብቻ ያጋጥማል። አቶ ሙሉሐብት ይህን ሲሰሙ፣ የመብረቅ ተፈጥሮማ ቀንዱን አይቶ መፍረድ ነው ብለው ተስማሙ።

ወዲያው መብረቅን እልካለሁ ቢሉ ማን ይከለክላቸው ነበር? ግን አቶ ሙሉሐብት በግምገማ ያደጉ ሰው ናቸው፤ ያለ ግምገማ ሻይ እንኳ ስኳሩ አይጣፍጣቸውም። ሐሙስ ከሰዓት ሠራተኛው ሁሉ፣ እትዬ ጌጤም ሳይቀሩ፣ አዳራሽ ተሰበሰበና የሠራተኛው የምዘና ቅጽ ለአውሬ ወጣ። ጠንካራ ጎን፣ ደካማ ጎን፣ ሂስ፣ ግለ ሂስ። ቃለ ጉባኤ ያዥ እፀገነት ሆነች፤ ሁልጊዜም እሷ ናት።

በዚያ ቅጽ ላይ ለግለ ሂስ አምስት ነጥብ ተመድቧል። ጽሕፈት ቤቱ ከተቋቋመ ጀምሮ እነዚያን አምስት ነጥቦች ያገኘ የለም። ምክንያቱም ሰው ሁሉ ድክመትህን ተናገር ሲባል፣ ለሥራ ስል እረፍት አልወስድም፣ ምሳ ሰዓቴን አላከብርም ይላል፤ ይህ ደግሞ ግለ ሂስ አይባልም ተብሎ ዜሮ ይጻፋል። የዚያን ዕለትም አቶ ሙሉሐብት ስለ መብረቅ ቆመው፣ ራሱን ለትግል አሳልፎ ስለሚሰጥ ለጤናው አይጠነቀቅም አሉ። ቢያድግልኝ፣ ልምዱን ለታናናሾቹ የሚያካፍልበት ጊዜ ያንሰዋል ብሎ ሂስ አከለ። ሌላው ከዚያ ለጠቀ፣ ሌላውም። መብረቅ ዘጠና አራት አመጣ።

ጭብጦ ሲደርስ ስልኩን እንኳ እስቲ እንየው ያለ አልነበረም። ሰዓቱ ሄዷል። አቶ ሙሉሐብት ሰዓታቸውን አዩና፣ ጥሩ ነው፣ ተነሳሽነት ግን ይጎድለዋል፣ ሰባ አንድ ብንሰጠው ምን ይመስላችኋል አሉ። እጅ ወጣ።

የእፀገነት ብዕር ቆመ። ሰባ አንድ። ቁጥሩ በአፋቸው ላይ የተቀመጠ፣ ዝም ያለ ነገር ሲያዩ ራሱ የሚወጣ ነው ማለት ነው። ሰባት ዓመት ይህን አድርጌ ይሆን ያንን ሳላደርግ ቀርቼ ይሆን እያለች ራሷን ስትመረምር የኖረችው ለዚህ ነው። መጀመሪያ ልታለቅስ ምንም አልቀራትም ነበር። ቀጥሎ ግን ሳቋ መጣና በነጠላዋ አፏን ሸፈነች።

አቶ ሙሉሐብት የመጨረሻውን ነጥብ አስመዘገቡ፦ «ተራ ቁጥር አምስት። ከሰማንያ አምስት በታች ያመጣ ጽሕፈት ቤቱን ወክሎ አይወጣም።» ይህም ከሠራተኛው መመሪያ የተወሰደ ነው። እፀገነት ጻፈችው። ከሥሩ ቦታ ነበር። ማንም ያላለውን፣ በዚያው ባማረው ጽሑፏ፣ ጨመረችበት፦

«ተራ ቁጥር ስድስት። አውሬም ይሁን ሠራተኛ፣ የውስጥ ገጹ ሳይከፈት የተሰጠ ውጤት ሐሰት ሆኖ ከተገኘ፣ በዚሁ መንገድ የተሰጡ ውጤቶች ሁሉ ተሽረው መዛኙ ገጹን ከፍቶ እንደገና ይመዝናል።»

ቃለ ጉባኤ የሚፈረም እንጂ የሚነበብ ነገር አይደለም። መውጫ ሰዓት ደርሶ ስለነበር አንዱ በአንዱ ጀርባ ላይ አስደግፎ፣ አንዱ ጃኬቱን እየለበሰ፣ ቆመው ፈረሙ። አቶ ሙሉሐብት ስልክ እያወሩ ፈርመው ማኅተም መቱበት። እትዬ ጌጤ ብቻ ወረቀቱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግተው፣ ጣታቸውን ከመስመር መስመር እየጎተቱ ቆዩ። እፀገነት ቁልፏን እያንቃጨለች ጠበቀቻቸው፤ ፊርማ የሚያስቀምጡበት ቦታ የጠፋባቸው መስሏት፣ እዚህ ጋ ነው እትዬ ጌጤ ብላ አሳየቻቸው። እሳቸውም አመስግነው ፈረሙ።

ቅዳሜ አራት ሰዓት ላይ ሁለቱ መሥሪያ ቤቶች ሻይ ክበቡ ውስጥ ተሰበሰቡ። ሙክቱ ደጅ ታስሮ ይጮኻል። ግጥሚያው ተከፈተ፣ ቀለቡ ተራገፈ፣ ያ ሁሉ ሁለት ሺህ ቀርቶ መብረቅ ቀንዱን ብቻ ይዞ ቆመ። ዶማ አንዴ ገፋው። መብረቅ መልሶ የመታ መሰለ፣ ዶማ ግን አልተነቃነቀም። ሁለተኛ ሲገፋው የእሳት ጭራው ጠፋና ተዘረረ። አቶ ሙሉሐብት ኔትወርኩ ነው አሉ። ማሩ፣ ኔትወርኩማ ለሁላችንም ያው የአንድ መንግሥት ነው አለና ሰዉ በሳቅ ፈረሰ።

ቢያድግልኝ የራሱን አውሬ ከፍቶ አየና ቶሎ ዘጋው። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ በእኩያ ግጥሚያ የሚቆም ካለን ያ የእፀገነት ነው፣ ስትለማመድበት አይቼዋለሁ አለ። ሐሙስ ለምን እንዳልተናገረ የጠየቀው የለም። ሁሉም ዞር ብሎ እፀገነትን አየ። እሷ ሻይዋን እያማሰለች ነበር።

«እፀገነት፣ ጭብጦን አውጪው እንጂ» አሉ አቶ ሙሉሐብት።

«ጭብጦ እኮ ሰባ አንድ ነው ያመጣው» አለች። «በተራ ቁጥር አምስት መሠረት ጽሕፈት ቤቱን ወክሎ መውጣት አይችልም።»

«ማነው እንዲህ ያለው?»

«እርስዎ ነዎት። ፈርመውበታል።»

ቃለ ጉባኤውን ከቦርሳዋ አውጥታ ሰጠቻቸው። አቶ ሙሉሐብት በኃላፊነት ዘመናቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ቃለ ጉባኤ አነበቡ። አምስትን አነበቡ። ዓይናቸው ወደ ስድስት ወረደ። አንዴ በልባቸው፣ አንዴ በከንፈራቸው፣ በመጨረሻም ድምፅ አውጥተው አነበቡት።

«ይህን መቼ ነው የተነጋገርነው?»

«የፈረሙበት ሐሙስ ነው።»

ማሩ በሳቅ ወንበር ያዘ። አቶ ሙሉሐብት ሊቆጡ አፋቸውን ከፈቱ፤ ደጅ ያለው ሙክት ጮኸ፤ የገዛ ማኅተማቸውን አዩና አፋቸውን ዘጉት። ከዚያ እፀገነት እያሳየቻቸው የመብረቅን የውስጥ ገጽ ከፈቱ። ሁለት፣ አራት፣ አንድ። ፊታቸው ላይ የታየው ቁጣ አልነበረም፤ ያን ሁሉ መንገድ ቀስ በል እያሉ የለቀሙት ቀለብ ትዝ ብሏቸው ይመስላል፣ ኀዘን ነበር፤ እፀገነትም እውነት ለመናገር አሳዘኗት። የጭብጦን ሲያዩ ግን መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉና እንደገና አዩ።

ቅጹ እዚያው ሻይ ክበብ ውስጥ ወጣ። ጭብጦ ዘጠና አምስት አመጣ። አምስቱ የቀረው አውሬው ግለ ሂስ ስላላደረገ ነው ተብሎ በቃለ ጉባኤ ተያዘ፣ ማኅተም ተመታበት፣ ከዚያ ጭብጦ ገባ። ዶማ ገፋው፤ ድቡልቡሉ ትንሽ ተንከባለለና ተመልሶ ቆመ። እየተገፋ፣ እየቆመ፣ እየቆመ፣ ዶማ ትንፋሽ ሲያጥረው አንድ ጊዜ ብቻ መታው። ሁለተኛው ዙር እንዲህ አለቀ፤ ሦስተኛውም። ሙክቱን እነማሩ አረዱ፣ አቶ ሙሉሐብት ጎድኑን ለእፀገነት አጎረሷት።

ሰኞ ጠዋት አቶ ሙሉሐብት የእፀገነትን ፋይል ጠረጴዛቸው ላይ ከቃለ ጉባኤው ጋር አገኙት።  በሩን ዘግተው እስከ ስድስት ሰዓት አነበቡ። ሲጠሯት መነጽራቸው ግንባራቸው ላይ ነበር። በእብናት ገበያ የጠፉትን ሰባት ሚዛኖች ዱካ ከመዝገብ ፈልጋ ያገኘችው እሷ እንደነበረች አላውቅም ነበር አሉ። የጉና አካባቢ ገበያዎችን ዝርዝር ማንም ሳያዛት እንዳዘጋጀችም አላውቅም ነበር አሉ። ሲናገሩ አፍረው ነበር። እሷ ግን ሰባት ዓመት የጠበቀችውን ቃል እየሰማች ስለነበር እግሯ መሬት መርገጡን አላወቀችም።

«ደግሞ አምና ክረምት ጣሪያው ሲያፈስ» አሉ፣ «የሌላው ክፍል ወረቀት ሁሉ ገንፎ ሆኖ የመዝገብ ቤቱ አንድ ገጽ እንኳ አልራሰም። ለዚህ ብቻ ዐሥር ነጥብ ይገባሻል።»

እፀገነት አንገቷን ደፋ አደረገች። መዝገቦቹ ለምን እንዳልራሱ አስባበት አታውቅም ነበር። አደራደሬ ጥሩ ስለሆነ ይሆናል አለች በልቧ። ሥራዬ ነው ብላ መለሰች፤ ትሕትናም መሰለ። ዘጠና አንድ ጻፉላት።

ወደ ክፍሏ ስትመለስ እትዬ ጌጤ ሻይ ይዘው ገቡ። ብርጭቆውን አስቀምጠው እንደ ወትሮው አልወጡም።

«እፀገነት ልጄ» አሉ፣ «ተራ ቁጥር ስድስት እኔንም ይጨምራል?»

«አንብበውት ነበር እንዴ?»

«ታዲያ ሳላነብ ልፈርም? በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ፊደል ቆጥሬያለሁ እኮ። ቀስ እላለሁ እንጂ አነባለሁ።»

የጽዳት ሠራተኛዋን የሚመዝነው መዝገብ ቤቱ ነው። የመዝገብ ቤቱ ኃላፊ ከወጣ ወዲህ ያንን ቅጽ የምትሞላው እፀገነት ናት። ጉድጓድ ስትቆፍር አታርቀው፣ ማን እንደሚገባበት አይታወቅምና ይባላል። የእትዬ ጌጤን ፋይል አወጣች። የመጀመሪያው ቅጽ፣ ሰባ። ሁለተኛው፣ ሰባ። ሁለት ዓመት፣ ሁለት ሰባ። ከጎኑ በራሷ ባማረ ጽሑፍ ሁለቱም ላይ አንድ ነገር ሰፍሯል፦ «ታዛዥ ናቸው፤ ተነሳሽነት ይጎድላቸዋል።» ስትጽፈው ምን እያሰበች እንደነበር ልታስታውስ ሞከረች። ምንም እያሰበች አልነበረም። ፊቷ እስከ ጆሮዋ ጋለ።

«ለእርጅናዬ ብዬ አይደለም» አሉ እትዬ ጌጤ። «መጪው ዓመት ጡረታ እወጣለሁ። ግን ወረቀቱ ላይ እንዲህ ሆኜ መውጣቴ ከፍቶኛል።»

«እትዬ ጌጤ፣ አምና ክረምት እዚህ ክፍል ውስጥ...» አለችና ዓይኗን ወደ ላይኛው መደርደሪያ አነሳች።

እሳቸው እንደ ተራ ነገር ነገሯት። በክረምቱ በየጠዋቱ ሰው ሳይመጣ አሥራ ሁለት ሰዓት እየገቡ፣ ከላይኛው መደርደሪያ የነጠበበትን እያወረዱ፣ ሻይ ከሚያፈሉበት ምድጃ አጠገብ እያደረቁ፣ ቁጥሩን ተከትለው በየቦታው ይመልሱት ነበር። ለምን እንዳልነገሯት ስትጠይቃቸው የጠየቀኝ ሰው አልነበረም አሉ።

እፀገነት ሒሳቡን ሳትፈልግ ሠራችው። ከዘጠና አንድ ዐሥር ሲነሳ ሰማንያ አንድ ነው። ሰማንያ አንድ ወንበር አያሰጥም። ማንም አያውቅም፤ እትዬ ጌጤም ዐሥሩን ነጥብ አልሰሙም። ሻይዋን አንዴ ፉት አለችና ሁለቱን ፋይሎች አንስታ የአቶ ሙሉሐብትን በር አንኳኳች።

አቶ ሙሉሐብት ብዕራቸውን አስቀምጠው ሰሟት። መዝገቦቹን ያዳነችው እሷ እንዳልሆነች፣ ጠዋት ዝም ብላ ምስጋናውን እንደወሰደች፣ እሷም ሁለት ዓመት ሙሉ የሰው የውስጥ ገጽ ሳትከፍት ሰባ ስትጽፍ እንደኖረች ነገረቻቸው። ብዕራቸውን አነሱና ዘጠና አንዱን ሰረዙ፣ ሰማንያ አንድ ጻፉ። ወደ በሩ ዞራ ስትሄድ ጠርተው አስቆሟት። ቅጹን ገልብጠው፣ ከመጨረሻው ሣጥን ላይ፣ የማንም እጅ ከዜሮ በቀር ጽፎበት የማያውቀው ቦታ ላይ አምስት ጻፉ።

«ግለ ሂስ» አሉ። «እንዲህ ነው ለካ የሚደረገው።»

ሰማንያ ስድስት ሆነ። እፀገነት መሳቅም ማልቀስም ፈልጋ ሁለቱንም ሳታደርግ ወጣች። ክፍሏ ስትደርስ እትዬ ጌጤ ቆመው እየጠበቋት ነበር። የኃላፊውን ባዶ ወንበር ጎትታ አስቀመጠቻቸውና አዲስ ቅጽ አወጣች። ጠንካራ ጎናቸውን ለመጻፍ አንድ ገጽ አልበቃትም። ደካማ ጎን የሚለው ላይ ስትደርስ ምን ልበል ብላ ጠየቀቻቸው።

እትዬ ጌጤ የሻይ ብርጭቆውን ወደ እሷ አስጠጉ።

«እስከ ዛሬ አለመጠየቄ» አሉ፣ «እሱን ጻፊው።»

ጻፈችው፤ አጠገቡም የግለ ሂሱን አምስት ነጥብ አስቀመጠች።